ሳይሞቱ መወረስ

ጥንታዊ ሥልጣኔ ሲባል ዓይናችን ወዲያው ድንጋይ ይፈልጋል። አክሱም ሲሉን ሐውልቱ፣ የሓ ሲሉን መቅደሱ፣ ላሊበላ ሲሉን ከአንድ ቋጥኝ የተፈለፈለው ቤተ ጊዮርጊስ ይታየናል፤ ከአገር ስንወጣም የሜሮዌ ፒራሚዶችና የታላቋ ዚምባብዌ ግንብ ይቀድሙናል። ይህን ልማድ ይዞ በአዊ ዞን ከዳንግላ ወደ እንጅባራ የሚወጣ ሰው ቀርከሃ ያያል፣ ፈረስ ያያል፣ እሳተ ገሞራ ቦርቡሮ የተወውን የዘንገናን ክብ ሐይቅ ያያል፤ «እዚህ ጥንት ታላላቆች ነበሩ» የሚያሰኝ ፍርስራሽ ግን አይገጥመውም። ሆኖም በዚህ መንገድ ግራና ቀኝ የሚነገረው አውኚ፣ የአክሱም ነገሥታት ሐውልታቸውን ከማቆማቸው በፊት በእነዚህ ደጋዎች ይነገር ከነበረ አገው ከሚባል የቋንቋ ቤተሰብ የተወለደ ነው። እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው፦ ፍርስራሽ ያልተወ ሕዝብ ጥንታዊ ሥልጣኔ አለው ሊባል ይችላል? አለው ከተባለስ፣ ባለቤቱ ዛሬም እያረሰና እየተናገረ ሳለ፣ «ውርስ» የምንለው ነገር ምን ማለት ነው?

ከድንጋዩ በፊት ከቃሉ መጀመር ይሻላል፤ ቃሉ ራሱ ሁለት ልብ ነውና። ሥልጣኔ የሥልጣን ወንድም ነው። በግእዝ ሠልጠነ ማለት ገዛ፣ አዘዘ፣ በረታ ነው፤ በአማርኛም «ሠለጠነበት» ስንል አንዱ ሌላውን ከእጁ ማስገባቱን እንናገራለን። ነገር ግን ከዚሁ ሥር ሥልጠናም ወጥቷል። እጁ የሠለጠነ ሸማኔ በማንም ላይ አልገዛም፤ የገዛው ድሩንና ማጉን ነው፣ ከዚያም በፊት የራሱን ጣቶች። ስለዚህ በአንድ ሥር ሁለት ሐሳብ በቅሏል፤ በሌላው ላይ መሠልጠንና በራስ ሥራ መሠልጠን። ስለ ጥንታዊ ሥልጣኔ የምናደርገው ክርክር ሁሉ ሳናስተውለው ወደ አንደኛው ያጋድላል፤ ሐውልትና ዙፋን፣ ሳንቲምና ግንብ የዚህኛው ምስክሮች ናቸውና። ብዙ ሰው አዝዞ ብዙ ድንጋይ ያስጎተተ ኃይል እንደነበረ ያስረዳሉ። ሁለተኛው መሠልጠን ግን ማኅተም የለውም። ሸማኔው ሲሞት ጋቢው ያልቃል፤ የሚቀረው ሌላ ሸማኔ ብቻ ነው።

ውርስም እንዲሁ መንታ ቃል ነው። ልጅ አባቱን ይወርሳል፤ መንግሥትም ቤት ይወርሳል። አንዱ በረከት ነው፣ ሌላው ነጠቃ፤ ቋንቋችን ግን ሁለቱን በአንድ ግሥ ጠርቷቸዋል። አንድ የሚያደርጋቸው ነገር ስላላቸው ይመስለኛል፤ በሁለቱም ባለቤቱ ከቦታው መነሣት አለበት፣ ወይ ሞቶ ወይ ተነጥቆ። መሬት፣ ቤት፣ ዙፋን የሚወረሱት በዚህ ሕግ ነው፤ አንዱ ካልለቀቀ ሌላው አይዝም። ከዚህ ሕግ የሚያመልጥ አንድ ነገር አለ፤ እርሱም ሙያ ነው። እናት ለልጇ እንጀራ መጋገር ስታሳይ ምጣዱ አንድ እንደሆነ ይቀራል፣ ሙያው ግን ሁለት ይሆናል፤ ልጅቱ ስላወቀች እናቲቱ አትረሳም። እንግዲህ ሥልጣኔን እንደ ሥልጣን ካየነው ውርሱ ሞትን ወይም ሽንፈትን ይጠይቃል። እንደ ሥልጠና ካየነው ግን ከሕያው ሰው መውረስ ይቻላል። የአገውን ጉዳይ ከሁለቱ በየትኛው ዓይን ማየት እንደሚገባን ለመወሰን ማስረጃውን አንድ በአንድ መመርመር ያስፈልጋል።

የመጀመሪያው ማስረጃ ሌሎች የጻፉት ነው። በ6ኛው መቶ ዘመን፣ ንጉሥ ካሌብ ወደ ሂምያር ለመዝመት በሚሰናዳበት ጊዜ፣ ኮስማስ የሚባል ነጋዴ አዱሊስ ወደብ ላይ ነበር፤ በዚያም በአንድ የድንጋይ ዙፋን ላይ የተቀረጸ የግሪክኛ ጽሑፍ ገለበጠ። ጽሑፉ ከኮስማስ ዘመን ቀደም ብሎ የነበረ የአክሱም ንጉሥ ያስገበራቸውን ሕዝቦች ይዘረዝራል፤ ከስሜን በረዷማ ተራሮች ስም ጥቂት ቀደም ብሎ ሊቃውንት አገው ነው የሚሉት ስም ይገኛል። ይኸው ኮስማስ በራሱ ትረካ ደግሞ ሌላ ነገር ይነግረናል። የአክሱም ንጉሥ ወርቅ ለማስመጣት ነጋዴዎችን ሳሱ ወደተባለ አገር የሚልከው በአገው ገዥ በኩል ነበር፤ ነጋዴዎቹ በሬ፣ አሞሌና ብረት ይዘው ይሄዳሉ፣ ዕቃቸውን ዘርግተው ይጠብቃሉ፣ የአገሩ ሰዎችም ያለ አንዳች ንግግር በሚፈልጉት ዕቃ ላይ ወርቅ ያስቀምጣሉ። በዙፋኑ ላይ አገው የተሸነፈ ስም ነው፤ በወርቁ መንገድ ላይ ግን በር ነው። ዙፋኑ የሥልጣንን ቋንቋ ስለሚናገር በሩን አያይም። አክሱም በወርቅ ሳንቲም ላይ የንጉሥ መልክ ስታትም፣ ወርቁ ከምንጩ እስኪደርስ ድረስ የመንገዱን ጠባይ፣ የከብቱን ጉልበት፣ የክረምቱንና የበጋውን ጊዜ የሚያውቅ ሰው ያስፈልግ ነበር፤ የዚያ ሰው መልክ ግን በሳንቲሙ ላይ አልታተመም።

አገው ሥልጣን የያዘበት ጊዜስ? ነበረ፤ የመዛግብቱ አያያዝ ግን ነገሩን ከማቅለል ይልቅ ያከብደዋል። ዛጔ የሚለው ስም ራሱ «ዘአገው» ከሚለው የመጣ ነው ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1270 ይኩኖ አምላክ ዙፋኑን እስኪይዝ ድረስ ከላስታ የገዙት እነዚህ ነገሥታት የተዉልን ሥራ ዛሬ ኢትዮጵያ ለዓለም ከምታሳየው ሁሉ በፊት ይጠራል፤ የላሊበላ 11 አብያተ ክርስቲያናት በ1978 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት ተመዝግበዋል። ታዲያ ድንጋይ ከተፈለገ ይኸው ድንጋይ! ነገር ግን ድንጋዩ ሲናገር በግእዝ ነው የሚናገረው። የአገው ነገሥታት ያሳነጹት፣ የአገው እጅ የጠረበው ቤት የአገውን ቋንቋ አይጽፍም። ከእነርሱ ቀጥሎ የመጣው ሥርወ መንግሥት ደግሞ የነገሥታትን ዘር ከሰሎሞን የሚያወርደውን ክብረ ነገሥትን በ14ኛው መቶ ዘመን መባቻ በግእዝ ሲያስተካክል፣ ዛጔዎች በታሪኩ ውስጥ የመንግሥት ነጣቂ ሆነው ቀሩ፤ ይኸው ሥርወ መንግሥት በገዛበት ዘመን ግን ላሊበላ ገድል ተጽፎለት ጻድቅ ተብሎ ተቀደሰ። ሥልጣናቸው ተወረሰ፣ ሥራቸው ተሳለመ። እንግዲህ ድንጋይ አንድ ነገር በእርግጥ ያስረዳል፤ ሥልጣን መኖሩን። የማን ሥልጠና እንደሆነ ለማስረዳት ግን ከድንጋዩ ውጭ ሌላ ምስክር ይጠይቃል።

ያ ምስክር ሩቅ አይደለም። ይህን ዓረፍተ ነገር የሚያነብ ሰው፣ ማን ምን እንዳደረገ ለማወቅ፣ ከብዙ ቃላት ጋር እየተጓዘ እስከ አራት ነጥቡ ደጃፍ ድረስ ይታገሣል። ግሡ መጨረሻ ላይ ነውና። ግእዝ እንዲህ አያስታግሥም፤ «ሐነጸ ንጉሥ ቤተ» ብሎ ብዙ ጊዜ ግሡን ያስቀድማል፤ አማርኛ ግን «ንጉሥ ቤት ሠራ» ይላል። ግእዝ «ብእሲ ዘመጽአ» ሲል ሰውየውን አስቀድሞ ሥራውን ያስከትላል፤ አማርኛ «የመጣው ሰው» ብሎ ሥራውን ያስቀድማል። ቃሉ የሴም ነው፣ አሰካኩ ግን የኩሽ ነው። የቋንቋ ሊቃውንት አብዛኞቹ ይህን ለውጥ የሚያስረዱት በኩሽ ቋንቋዎች፣ ከሁሉም በፊት በአገው ተጽዕኖ ነው፤ በእርሻ ዙሪያ ያሉ በርካታ ቃላትም በዚያው መንገድ እንደገቡ ያሳያሉ። ለነገሩ ምክንያት አለው። አዋቂ ሰው አዲስ ቋንቋ ሲቀበል ቃላቱን ይማራል፤ ቃላቱን የሚሰካበትን ሥርዓት ግን ከእናቱ ቋንቋ ይዞት ይመጣል። እንዲህ ያለ ሰው አንድና ሁለት ቢሆን ስሕተት ይባላል፤ አገር ሙሉ ሲሆንና ልጆች ሲወልድ ግን ስሕተቱ ሰዋስው ይሆናል። ስለዚህ የአማርኛ ዓረፍተ ነገር ራሱ፣ ከየትኛውም ሐውልት በበለጠ ስፋት፣ በአገር ምድር የተተከለ የአገው ሥራ ነው። ማንም ቆሞ አይጎበኘውም፤ ሁሉም ይኖርበታል።

ይህን ማስረጃ ከነክብደቱ ለማየት የተቃወመውን ሐሳብ ማስታወስ ይገባል። ጣሊያናዊው ሊቅ ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ በ1928 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የኢትዮጵያ ታሪክ፣ ሥልጣኔ ቀይ ባሕርን ተሻግሮ ከደቡብ ዐረብ እንደመጣ አድርጎ ሥሎታል፤ የሓን ያየ ሰው ለዚህ ሐሳብ ድጋፍ አያጣም፣ የሳባ ፊደልና የሳባ መቅደስ እዚያው ቆመዋልና። የሚያስገርመው ኮንቲ ሮሲኒ ራሱ የአገው ቋንቋዎችን በትጋት ያጠና ሰው መሆኑ ነው። በአንድ እጁ የያዘው መረጃ በሌላው እጁ የጻፈውን ያጠይቅ ነበር። የመጣው ሥልጣኔ በባዶ ምድር ላይ ከወረደ፣ ቋንቋው እንዳለ በቀረ ነበር። ተቀባዩ ግን ባዶ ዕቃ አልነበረም፤ የመጣውን ቋንቋ ተቀብሎ በራሱ ሥርዓት አሰከነው። ከኃይለኛ ሰው ቃል መዋስ ቀላል ነው፤ የግብሩን ስም፣ የሹመቱን ስም በአንድ ዘመን ይዋሳሉ። ሰዋስው ግን በአዋጅ አይገባም፤ አብረው ካላረሱ፣ ካልተጋቡ፣ አንዱ የሌላውን ልጅ ካላሳደገ በቀር አይተላለፍም። የአዱሊሱ ዙፋን «ገዛኋቸው» ይላል፤ የአማርኛ ዓረፍተ ነገር ግን የተገዙት ገዢውን እንዴት መናገር እንዳለበት እንዳሠለጠኑት ይመሰክራል።

እዚህ ላይ ጠንካራ ተቃውሞ ይነሣል። ሰዋስው የሌለው ሕዝብ የለም፤ ሰዋስው ሥልጣኔ ከሆነ ሁሉ ሠልጥኗል፣ ሁሉ ከሠለጠነ ደግሞ ቃሉ ምንም አይለይም። ከዚህም በላይ፣ ግሡን ወደ መጨረሻ ያዞረው ሰው ምን እያደረገ እንደሆነ አላወቀም፤ ሳያስቡት የሰጡት ነገር ስጦታ ይባላል ወይ? የመጀመሪያውን በከፊል እቀበላለሁ። ሰዋስው መኖሩ ብቻውን ምንም አያስረዳም፤ የሚያስረዳው መሻገሩ ነው። ቋንቋ ሁሉ ሥርዓት አለው፤ ሥልጣን በሌላው እጅ እያለ ሥርዓቱን ለባለ ሥልጣኑ ቋንቋ ያወረሰ ግን ሁሉም አይደለም። ሁለተኛው ተቃውሞ ግን ሲመረመር ወደ ድጋፍ ይዞራል። ሐውልት ያቆመ ንጉሥ መታወስን ፈልጓል፣ ተሳክቶለትማል፤ ግን ዛሬ እንደ እርሱ የሚያቆም የለም። እንጀራ የምትጋግር እናት መታወስን አላሰበችም፤ ያሰበችው ልጇ እንዳይራብ ነው፤ ሙያዋ ግን ቆሟል። የሠለጠነ እጅ ሥልጠናውን የሚረሳ እጅ ነው፤ ሸማኔው ጣቶቹን እያሰበ ቢሠራ ክሩ በተበጠሰ። ሳያስቡ ማድረግ የአላዋቂነት ምልክት ብቻ አይደለም፤ የመጨረሻው የዕውቀት ደረጃም ነው።

ሌላም ማባበያ አለ፤ እርሱን ግን መቀበል የለብንም። ግሽ ዓባይ ከአዊ ዞን ጎረቤት፣ ከሰከላ ይፈልቃል፤ ፔድሮ ፓኤዝ በ1618፣ ጀምስ ብሩስ ደግሞ በ1770 እ.ኤ.አ. ምንጩን ሊያዩ ሲመጡ በዙሪያው ያገኙት አገውን ነበር። የግብፅን እርሻ ሺህ ዓመታት የመገበው አፈር በአብዛኛው ከእነዚህ ደጋዎች የተጠረገ ነው። ስለዚህ «ፒራሚዱም ከእኛው አፈር ነው» ለማለት ምላስ ይዳዳዋል። ይህ ግን ወንዝን ከሥራ ጋር ማምታታት ነው። ጎርፍ ማንንም አላሠለጠነም፤ ዓባይን ያፈሰሰ ሰው የለም፤ ጎርፉን መስኖ ያደረገው የግብፅ ገበሬ ነው፣ ክብሩም የእርሱ ነው። ይልቅስ ከብሩስ ትረካ ለእኛ ጥያቄ የሚበጀው ሌላ ነገር ነው፤ የዚህ አገር አገዎች ማር፣ ቅቤና ከብት እያቀረቡ ጎንደርን ይመግቡ እንደነበር መጻፉ። መንገደኞቹ ምንጩን ሲፈልጉ ሰዎቹን እንደ ምንጩ አጥር አዩአቸው፤ የጎንደር ግንብ ግን ከኖራው በላይ ንብ ማነብና ከብት ማርባት በሚያውቅ እጅ ቆሞ ነበር። ክብር ካስፈለገ የሚገባው ለዚህ እጅ ነው፤ ከተራራ ታጥቦ ለሄደ አፈር አይደለም።

ከሁሉ የሚከብደው ግን የዝምድና ጥያቄ ነው። ኮስማስ የሰማቸው አገዎች፣ ላሊበላን ያነጹት አገዎችና ዛሬ በባንጃና በአንከሻ የሚያርሱት አንድ ሕዝብ ናቸው ለማለት በምን እንደፍራለን? አውኚ ከእኅቶቹ ከኽምጣንግ፣ ከቢለንና ከቅማንትኛ በጣም የራቀ፣ ብቻውን የደቡብ ቅርንጫፍ የሆነ ቋንቋ ነው፤ የላስታ ጎረቤት ኽምጣንግ እንጂ እርሱ አይደለም። እውነት ነው፤ የአዊ ሰው «ላሊበላ የእኔ ርስት ነው» ቢል ማስረጃው አይበቃውም። ግን የሚያስፈልገው ርስት አይደለም። በክርክር ውስጥ ባለርስት አንድ ወገን ነው፣ ምስክር ሌላ። ምስክር የተከራካሪው ልጅ መሆን አይጠበቅበትም፤ ያየውን መናገር ነው የሚጠበቅበት። የአውኚ መራቅ ምስክርነቱን አያደክምም፣ ያጠነክረዋል እንጂ፤ ሁለት ምስክሮች ለብዙ ዘመን ሳይገናኙ ቆይተው አንድ ቃል ከሰጡ ያ ቃል ከመለያየታቸው በፊት የነበረ ነው። የቋንቋ ሊቁ ሮበርት ሄትዝሮን በ1969 እ.ኤ.አ. የደቡብ አገውን የግሥ ሥርዓት በመጽሐፍ ሲያወጣ ያደረገው ይህን ቃል መቀበል ነበር። ምስክርነት ደግሞ አንድ የማይታለፍ ግዴታ አለው፤ ምስክሩ በሕይወት መኖር አለበት። ቅማንትኛ በጥቂት አረጋውያን አፍ ላይ ቀርቷል፤ ከሄዱ በኋላ መዝገበ ቃላቱ ይኖራል፣ ጥያቄ ቢጠየቅ ግን የሚመልስ የለም።

«ይህ ሁሉ የማን ነው እያሉ ለመካፈል ነው» የሚል ሥጋትም ይሰማል፤ በዘመናችን መሠረት የለውም አይባልም። ሥጋቱ ግን ውርስን እንደ መሬት ከማሰብ የመጣ ነው። መሬት ሲካፈል ያንሳል፤ ሙያ ሲካፈል አያንስም። አማርኛ አሰካኩን ከአገው ተማረ ማለት አማርኛ የአማርኛ ተናጋሪው አይደለም ማለት አይደለም፤ ያ ሰው አያት አገኘ እንጂ ርስት አላጣም። በሌላ በኩል ያሉት ደግሞ በውዳሴ ይሳሳታሉ። ሕያውን ሕዝብ «ጥንታዊ» እያሉ ማመስገን ሳያውቁት ከሙዚየም መስታወት ጀርባ ማስቀመጥ ሊሆን ይችላል፤ ጥንታዊ የተባለ ሰው ሲለወጥ ያጠፋ ይመስላልና። በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተውና በየዓመቱ ጥር 23 በእንጅባራ የሚሰበሰበው የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር ይህን ያርማል። ፈረስ ግልቢያው የቆየ ሙያ ነው፤ ማኅበሩ ግን የ20ኛው መቶ ዘመን ሥራ ነው፣ የዓድዋን ድል እየዘከረ የቆየውን ሙያ በአዲስ ሥርዓት ያሰከነ። በዚያው በአዊ፣ ፋግታ ለኮማ ላይ፣ ከአውስትራሊያ የመጣው ዲከረንስ የተባለው ዛፍ በመጀመሪያው ዓመት ከጤፉ ጋር አብሮ ይተከላል፣ አራትና አምስት ዓመት አድጎ ከሰል ይሆናል፣ መሬቱም ተመልሶ ይታረሳል። የመጣውን ተቀብሎ በራስ ሥርዓት መሰካት ማለት ይኸው ነው፤ ቋንቋ ላይ ያየነው እጅ እርሻው ላይም ሲሠራ እናየዋለን። ስለዚህ የአገው ጥንታዊነት ባለመለወጡ አይለካም፤ ሲለወጥ በሚከተለው አሰካክ ነው የሚለካው።

እንግዲህ ወደ መጀመሪያው ጥያቄ ስንመለስ፣ ፍርስራሽ አለመኖሩ የሥልጣኔ አለመኖር ማስረጃ ሆኖ አይቆምም። ፍርስራሽ የሚተወው የሄደ ነው። ያልሄደ ሰው የሚተወው ሌላ ነገር ነው፤ ልጅ፣ ሙያ፣ አነጋገር። ይህ ውርስ ደግሞ በአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚፈስ አይደለም። የግእዝ ፊደል፣ ከላንቃ ጥግ ተይዞ በአፍንጫ የሚወጣውን የአውኚን ድምፅ የሚጽፍበት ምልክት አልነበረውም፤ ከገ ቅርጽ ጘ ተበጀለት፣ ቋንቋውም ስሙን «አውጚ» ብሎ በራሱ ድምፅ ለመጻፍ በቃ። አንድ ጊዜ አገው የሴምን ቋንቋ ሥርዓት አስተማረ፤ አሁን ደግሞ ከአክሱም የመጣው ፊደል የአገውን ድምፅ ተማረ። በዳንግላ ወይም በእንጅባራ አንድ ክፍል ውስጥ የተቀመጠ ልጅ ይህን ሁሉ አያውቅም፣ ማወቅም የለበትም። በአውኚ ክፍለ ጊዜ ዓረፍተ ነገር ይጽፋል፤ ደወሉ ተደውሎ አማርኛ ሲገባ ደብተር ይለውጣል፣ ቃላቱንም ይለውጣል። ግሡን የሚያስቀምጥበትን ቦታ ግን አይለውጥም።